ለመስፍኑ የተላከው መልክ፦ ያን ቫን አይክ በፖርቱጋል፣ 1428–1429

በ1428 የቡርጋንዲው መስፍን ደጉ ፊሊፕ የሠላሳ ሁለት ዓመት ሰው ነበር። (በዚህ ጽሑፍ ውስጥ ያሉት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) የመጀመሪያ ሚስቱ የፈረንሳይ ንጉሥ ልጅ ሚሼል በ1422፣ ሁለተኛዋ ቦን በ1425 ሞተውበታል። ከጋብቻ ውጭ የወለዳቸው ልጆች ቢኖሩትም፣ ከቡርጋንዲ እስከ ፍላንደርስ የተዘረጋውን ግዛቱን በሕግ ሊወርስ የሚችል ልጅ አልነበረውም። አባቱ በ1419 በጠላቶቹ እጅ ስለ ተገደለ፣ አልጋው ያለ ወራሽ ቢቀር ምን ሊከተል እንደሚችል ፊሊፕ አሳምሮ ያውቃል። ስለዚህ ሦስተኛ ሚስት ፍለጋው የአገር ጉዳይ ነበር። ፍለጋውም ከፖርቱጋሉ ንጉሥ ከዦዋኦ 1ኛ ልጅ ከልዕልት ኢዛቤል ዘንድ አደረሰው።

መስፍኑ ወደ ሊዝበን በላከው የልዑካን ቡድን ውስጥ፣ ከባላባቶቹ፣ ከሕግ አዋቂውና ከጸሐፊው ጋር አንድ ሠዓሊ አብሮ ተጓዘ። ይህ ሰው ያን ቫን አይክ ነው። ስለ ጉዞው የተጻፈው ይፋዊ ዘገባ የመስፍኑ የእልፍኝ አሽከርና በሥዕል ጥበብ የላቀ ሊቅ ይለዋል። የቤተ መንግሥት ሠዓሊ ሥራ በዚያ ዘመን ምን እንደ ነበረ፣ ጌታውስ ደመወዝ ሲከፍለው ከእሱ ምን ይጠብቅ እንደ ነበረ ለመረዳት ከዚህ ጉዞ የተሻለ ጉዳይ አላገኘሁም። ቫን አይክ ዛሬ የሚነሣው ብዙውን ጊዜ በጌንት ከተማ በሚገኘው ታላቅ የመንበር ሥዕልና በቀለሙ ድምቀት ነው። እኔ ግን የምስለ ገጽ ሥራውን ከዚህ የተልእኮ ሕይወቱ ነጥሎ ማየት ሥራውን ማጉደል ነው ብዬ አምናለሁ።

ያን የተወለደው በ1390 ገደማ ሲሆን፣ ስሙ በማስ ወንዝ አጠገብ ካለችው ከማሳይክ ከተማ የመጣ ነው። በሰነድ የምናገኘው ከ1422 ጀምሮ ነው። በዚያን ጊዜ በሄግ፣ የሆላንድ ገዢ ለነበረው ለባቫሪያው ዮሐንስ በቤተ መንግሥቱ ውስጥ ይሠራ ነበር። ዮሐንስ በ1425 መጀመሪያ ላይ ሲሞት ያን ጌታ አልባ ሆነ። ብዙም ሳይቆይ ግን በሜይ 19 ቀን 1425 ፊሊፕ ሠዓሊና የእልፍኝ አሽከር አድርጎ ሾመው፤ በዓመት 100 የፓሪስ ሊቭርም ደመወዝ ቆረጠለት። በሹመቱ ደብዳቤ ላይ ከሥዕል ችሎታው በተጨማሪ ታማኝነቱና ቅንነቱ ተጠቅሷል። ይህን እንደ ተለመደ የደብዳቤ ወግ ብቻ ማለፍ ይቻል ይሆናል፤ የተከተሉት ዓመታት ግን ቃሉ በከንቱ እንዳልተጻፈ ያሳያሉ።

የእልፍኝ አሽከርነት ማዕረግ ሠዓሊውን ከተራ የከተማ ባለሙያ ይለየው ነበር። በፍላንደርስ ከተሞች አንድ ሠዓሊ ሥራ የሚይዘው የሠዓልያን ማኅበር አባል ሆኖ፣ የማኅበሩን ደንብ አክብሮና መዋጮውን ከፍሎ ነው። የመስፍኑ ቤተ ሰው ግን ከዚህ ቁጥጥር ውጭ ነበር፤ ደመወዙ ሥዕል ሠራም አልሠራም ይከፈለዋል፤ ከሌሎች ሰዎች ሥራ መቀበልም አልተከለከለም። በምላሹ ጌታው በጠራው ሰዓት መነሣት ግዴታው ነው። ያን በሹመቱ ዓመት ወደ ሊል ከተማ ተዛወረ። በማግሥቱ ዓመት በ1426 የመስፍኑ የሒሳብ መዝገብ በመስፍኑ ስም ለተሳለመው ቅዱስ ቦታና ይዘርዘሩ ላልተባሉ ሩቅና ምሥጢራዊ ጉዞዎች ገንዘብ እንደ ተከፈለው ይገልጻል። በሥዕል ሥራ ብቻ ለሚፈለግ ሰው እንዲህ ያለ ምሥጢር አይሰጥም። ፊሊፕ የገዛው ያየውን በትክክል ይዞ የሚመለስ፣ አፉንም የሚጠብቅ ሰው ነው።

የፖርቱጋሉ ጉዞ የተጀመረው በኦክቶበር 19 ቀን 1428 ከስሎይስ ወደብ ነው። የልዑካኑ መሪ የሩቤው ጌታ ዣን ሲሆን፣ ከአባላቱ አንዱ የሊል ገዢ ቦዱዋን ደ ላኗ ነበር። በሁለት የቬኒስ መርከቦች ተሳፍረው መጀመሪያ ወደ እንግሊዝ አቀኑ፤ በሳንድዊች ወደብ ሌሎች መርከቦችን ሲጠብቁ፣ ኋላም በደቡባዊው የእንግሊዝ ጠረፍ ከወደብ ወደብ ሲጠለሉ ሳምንታት አለፉ። ከፋልመዝ ወጥተው የመጨረሻውን የባሕር ጉዞ የጀመሩት በዲሴምበር 2 ነው። በዲሴምበር 16 ካሽካይሽ፣ በ18 ደግሞ ሊዝበን ገቡ። ንጉሡ በዚያ ስላልነበረ መምጣታቸውን አስታውቀው ጠበቁ፤ በመጨረሻም በጃንዋሪ 1429 አጋማሽ በአቪሽ ከተማ ቤተ መንግሥቱ ውስጥ ተቀበላቸው።

ከዚያ በኋላ ሥራው ሁለት ዘርፍ ያዘ። ልዑካኑ ከንጉሡ አማካሪዎች ጋር ስለ ጥሎሽና ስለ ውሉ አንቀጾች ሲነጋገሩ፣ ያን የልዕልቲቱን መልክ በሕይወት እንዳለች አድርጎ እንዲሥል ታዘዘ። ዘገባው የሚጠቀምበት አነጋገር ሥዕሉ ከሕያዋ ሴት ፊት ለፊት የተሠራ መሆኑን አጥብቆ የሚናገር ነው። ይህ አጥብቆ መናገር ምክንያት ነበረው። ኢዛቤል በ1397 የተወለደች፣ ሠላሳ ሁለት ዓመት ሊሞላት ጥቂት ሳምንታት የቀራት ሴት ነበረች፤ በዘመኑ ልማድ ለመጀመሪያ ጋብቻ የዘገየች ትባላለች። ፊሊፕ የፈለገው ወራሽ ነውና፣ ጤንነቷና ሁለንተናዋ እንዴት እንደ ሆነ ከተልእኮው ጥያቄዎች ዋናው ነበር። ልዑካኑም በቤተ መንግሥቱ ያሉትን ሰዎች ስለ ጠባይዋና ስለ ጤናዋ ጠይቀው ያገኙትን በጽሑፍ ላኩ። የያን ሥዕል ከዚህ ምርመራ ጋር አንድ ላይ የሚነበብ ማስረጃ ነበር ማለት ነው። ውበት የሚጨምር ሠዓሊ ለዚህ ሥራ አይጠቅምም፤ መስፍኑን ያታልለዋልና። ያየውን ቸል የሚል ሠዓሊም እንዲሁ አይበጅም።

እዚህ ላይ ስለ አሠራሩ ዘርዘር ማድረግ ያስፈልጋል፤ ምክንያቱም አቪሽ ከደረሱበት ጊዜ አንሥቶ ሥዕሉ እስከ ተላከበት ቀን ድረስ ያለው አንድ ወር ገደማ ብቻ ነው። የቫን አይክ ዘዴ የጥድፊያ ዘዴ አይደለም። በኦክ ጣውላ ላይ ጠመኔ በሙጫ ተለውሶ ይቀባና እንደ ዝሆን ጥርስ እስኪለሰልስ ይታሻል፤ በዚያ ነጭ መደብ ላይ ንድፉ በጥንቃቄ ይሣላል፤ ከዚያም በተልባ ዘይት የተለወሰ ቀለም በስስ ስሱ፣ አንዱ ንብር በሌላው ላይ እየተደረበ ይቀባል። ብርሃን ስስ ንብሮቹን አልፎ ነጩን መደብ ሲነካና ሲመለስ፣ የቆዳው ቀለም ከውስጥ የሚበራ ይመስላል። ያን የዘይት ቀለምን ፈለሰፈ የሚለው በ16ኛው ክፍለ ዘመን የተስፋፋ ታሪክ ትክክል አይደለም፤ ዘይትን ከቀለም ጋር መለወስ ከእሱ ከሦስት መቶ ዓመት በፊት በጽሑፍ ተመዝግቧል። የእሱ ድርሻ የንብሮቹን ስስነትና የብርሃኑን ሥርዓት ከዚያ በፊት ወዳልታየ ደረጃ ማድረሱ ነው። እያንዳንዱ ንብር እስኪደርቅ መጠበቅ ግን ጊዜ ይፈጃል፤ ባለሥዕሉም ያን ሁሉ ጊዜ ፊት ለፊት ሊቀመጥ አይችልም።

ይህን ችግር እንዴት ይፈታው እንደ ነበር በድሬስደን ከሚገኝ አንድ ወረቀት እንረዳለን። ወረቀቱ ጫፉ ብር በሆነ መንደፊያ የተነደፈ የአንድ ሽማግሌ መልክ ሲሆን፣ ሰውየው ዘወትር ካርዲናል ኒኮሎ አልቤርጋቲ እንደ ሆነ ይታመናል። ከመልኩ አጠገብ ያን በትውልድ አካባቢው ቀበልኛ ስለ ቀለማት ማስታወሻ ጽፏል፦ ዐይኑ ምን ዓይነት ቢጫ እንዳለበት፣ ከንፈሩ ምን ያህል እንደ ነጣ፣ የጢሙ ቅሪት እንዴት እንደ ሸበተ። ከዚህ ወረቀት ተነሥቶ የሠራው የዘይት ሥዕል ዛሬ ቪየና ይገኛል። ሰውየው ከሠዓሊው ፊት የተቀመጠው ለአጭር ጊዜ ነው፤ የቀረው ሥራ በማስታወሻና በትዝታ በሥራ ቤት ተፈጽሟል። ያን በአቪሽም በዚህ መንገድ ሠርቶ እንደ ሆነ ማሰብ ተገቢ ነው፤ የንጉሥ ልጅ ለብዙ ሰዓታት ያለ እንቅስቃሴ እንድትቀመጥ አትታዘዝምና። ንድፍን ከቀለም ማስታወሻ ጋር የማስተባበር ልማድ ለተጓዥ ሠዓሊ የተስማማ መሣሪያ ነው።

በፌብሩዋሪ 12 ቀን 1429 አራት መልእክተኞች ከልዑካኑ ተነሥተው ወደ ፍላንደርስ ሄዱ፤ ሁለቱ በባሕር፣ ሁለቱ በየብስ። ደብዳቤዎቹና የልዕልቲቱ መልክ በእነሱ እጅ ነበር። መንገዱ በሁለት መከፈሉ አንዱ ቢጠፋ ሌላው እንዲደርስ ነውና፣ አጥኚዎች ሥዕሉም በሁለት ቅጂ ተሠርቶ በየመንገዱ እንደ ተላከ ይረዳሉ። የክረምቱን አትላንቲክ ገና ቀምሰው የመጡ ሰዎች ይህን ጥንቃቄ ማድረጋቸው አይደንቅም። ለእኔ ግን ከሁሉ የሚበልጠው ቁም ነገር ሌላ ነው፤ የሥዕሉ አላላክ ከደብዳቤዎቹ አላላክ በምንም አልተለየም። መልኩ እንደ ሰነድ ታሽጎ፣ እንደ ሰነድ በሁለት መንገድ ተላከ።

መልሱ እስኪመጣ ልዑካኑ አልተቀመጡም። ከእነሱ መካከል በርከት ያሉት ወደ ሳንቲያጎ ደ ኮምፖስቴላ ተሳልመው፣ የካስቲልን ንጉሥና የግራናዳን የሙስሊም ንጉሥ ጎብኝተው በሜይ መጨረሻ ወደ ሊዝበን ተመለሱ። በአንዳንድ የቫን አይክ ሥዕሎች ዳራ ላይ የሚታዩት የደቡብ አገር ዛፎች፣ ዘንባባና ብርቱካን፣ ከዚህ ጉዞ የተገኙ ናቸው የሚለው አስተያየት ብዙ ጊዜ ይነገራል፤ እኔም አሳማኝ ሆኖ አገኘዋለሁ።

በጁን መጀመሪያ የመስፍኑ መልስ መጣ፤ መልሱም እሺታ ነበር። በጁላይ መጨረሻ በሊዝበን የሩቤው ጌታ የመስፍኑ ወኪል ሆኖ የጋብቻው ሥርዓት ተፈጸመ። ኢዛቤል በኦክቶበር ከሃያ ያህል መርከቦች ጋር ተነሣች፤ ማዕበል መርከቦቹን በታተናቸው፤ ስሎይስ የደረሰችው በገና ዕለት፣ በዲሴምበር 25 ቀን 1429 ነው። ጋብቻው በጃንዋሪ 7 ቀን 1430 በዚያው በስሎይስ ጸደቀ፤ ከሦስት ቀን በኋላም ፊሊፕ በብሩዥ የወርቅ ጸጉር የተባለውን የባላባቶች ማኅበር መሠረተ።

ሥዕሉ ይህን ጋብቻ አስገኘ ማለት ግን ከእውነቱ ማለፍ ይሆናል። የኢዛቤል እናት ፊሊጳ የእንግሊዝ ንጉሣዊ ቤተሰብ ልጅ ነበረች፤ ቡርጋንዲ ደግሞ በዚያን ጊዜ የእንግሊዝ አጋር ነበረች። የፍላንደርስ ሸማኔዎች በእንግሊዝ ሱፍ ይኖሩ ነበር፤ የፖርቱጋል መርከቦችና ነጋዴዎችም በብሩዥ እየበረከቱ ነበር። እነዚህ ምክንያቶች ሠዓሊው ገና ከሊል ሳይነሣ የሚዛን ድርሻቸውን ይዘው ነበር። ሥዕሉ ያደረገው መስፍኑ በፖለቲካ የመረጠውን በዐይኑ አይቶ እንዲያረጋግጥ ማስቻል ነው። ውሳኔው ፍሬ አፍርቷል፤ ከሦስቱ ወንዶች ልጆቻቸው ሁለቱ በሕፃንነት ቢሞቱም፣ በ1433 የተወለደው ቻርልስ አልጋውን ወረሰ። ኢዛቤል ራሷም በዲፕሎማሲና በገንዘብ አስተዳደር ለባሏ ጠንካራ ረዳት ሆናለች።

ከሁለቱ ሥዕሎች አንዳቸውም እስከ ዛሬ አልደረሱም። ስለ መልካቸው የሚነግረን በ17ኛው ክፍለ ዘመን የተነሣ አንድ የንድፍ ቅጂ ነው። በእሱ ላይ ኢዛቤል ከድንጋይ ደፍ በስተጀርባ ቆማ፣ እጇን ደፉ ላይ አሳርፋ፣ ፊቷን በከፊል ወደ ጎን አዙራ ትታያለች፤ በዙሪያው ያለው የፈረንሳይኛ ጽሑፍም ይህ ለመስፍኑ ለፊሊፕ የተላከው የፖርቱጋል ንጉሥ ልጅ፣ ኋላም ሚስቱ የሆነችው የእመቤት ኢዛቤል መልክ መሆኑን ይናገራል። ቅጂው ስለ ቀለሙና ስለ ቆዳዋ አንዳች ባይነግረንም፣ ስለ አቀማመጧ የሚነግረን ትልቅ ነገር አለ። ከዚያ ቀደም በፈረንሳይና በቡርጋንዲ ቤተ መንግሥቶች የመሳፍንት መልክ በብዛት ይሣል የነበረው ሙሉ በሙሉ ከጎን፣ እንደ ሳንቲም ላይ ምስል ነበር። ከጎን የታየ ፊት ክብርን ይገልጻል፤ ሁለቱን ዐይኖች፣ የጉንጭን ምላት፣ የከንፈርን ቅርጽ ግን ይሰውራል። ለማስረጃ የሚፈለግ መልክ ፊት ለፊት ቀርቦ መታየት አለበት።

መስፍኑ ለራሱ እንዳሠራቸው በሰነድ የተረጋገጡት የያን ሥዕሎች ዕጣ በአጠቃላይ ይህ ሆኗል። ጣሊያናዊው ሊቅ ባርቶሎሜዮ ፋሲዮ በ1456 ያን ለፊሊፕ የሠራውን ክብ የዓለም ካርታ ከሁሉ ፍጹም የሆነ ብሎ አመስግኖታል፤ እሱም የለም። ፋሲዮ ይህን የጻፈው በናፖሊ፣ በአራጎኑ ንጉሥ በአልፎንሶ 5ኛ ቤተ መንግሥት ተቀምጦ ነው። አልፎንሶ የቫን አይክን ሥራዎች ይሰበስብ ነበር። የእኛን አንባቢ ይህ ስም ሊያቆመው ይገባል፤ በ1427 ከዐፄ ይስሐቅ የተላኩትን መልእክተኞች በቫሌንሲያ የተቀበለውና በሁለቱ አልጋዎች መካከል የጋብቻ ዝምድና እንዲመሠረት የቀረበውን ሐሳብ የተመለከተው ይኸው አልፎንሶ ነው። ያ ጋብቻ አልተፈጸመም። ግን ፊሊፕ ሠዓሊውን ወደ ፖርቱጋል ከመላኩ ከአንድ ዓመት በፊት፣ የኢትዮጵያም ቤተ መንግሥት በዚያው የአይቤሪያ ምድር በዚያው ዓይነት ድርድር ውስጥ እንደ ነበረ ማወቅ የዘመኑን ሥዕል ሙሉ ያደርገዋል።

በጠፉት ፋንታ የቀሩልን ያን ከመስፍኑ ዙሪያ ለነበሩ ሰዎችና ለከተማ ሰዎች የሠራቸው ናቸው። ከእነሱ አንዱ አብሮት ወደ ፖርቱጋል የተጓዘው የቦዱዋን ደ ላኗ መልክ ነው። በበርሊን የሚገኘው ይህ ትንሽ ሥዕል ባላባቱን በሰፊ ባርኔጣ፣ የሥልጣን በትር ይዞ፣ የወርቅ ጸጉርን ማኅበር ሐብል አንገቱ ላይ አድርጎ ያሳየዋል፤ ስለዚህ ከጉዞው ከተመለሱ በኋላ የተሠራ ነው። ከዐይኑ ሥር ያለው የቆዳ መሸብሸብ፣ የፊቱ ሻካራነት፣ ምንም የተለዘበ ነገር የለም። ይህ ሰው በአቪሽ ሠዓሊው ልዕልቲቱን ሲመለከት አይቷል፤ ሥዕሉ እውነተኛ መሆኑንም ሊመሰክር የሚችል ነበር። እንዲህ ያለ ሰው ራሱ ሲሣል ያለ ማለሳለስ መሣሉን መቀበሉ ስለ ሠዓሊው ስም ብዙ ይናገራል። በለንደን የሚገኘው በ1433 የተሠራው ቀይ ጥምጥም የጠመጠመ ሰው፣ በ1434 ከነሚስቱ የተሣለው የአርኖልፊኒ ሥዕል፣ በብሩዥ የሚገኘው በ1439 የተሠራው የራሱ ሚስት የማርጋሬት መልክ ሁሉ በዚሁ ዐይን የታዩ ናቸው። የማርጋሬት ሥዕል ፍሬም ላይ ባሏ ሥዕሉን በጁን 17 ቀን 1439 እንደ ፈጸመና ዕድሜዋ 33 እንደ ሆነ ተጽፏል፤ ሠዓሊው የሚስቱን መልክ እንኳ ቀንና ዕድሜ የተመዘገበበት ምስክርነት አድርጎታል።

መስፍኑ የዚህን ዐይን ዋጋ ያውቅ ነበር። ያን በብሩዥ ቤት ገዝቶ ከተቀመጠ በኋላ፣ በ1433 ራሱ ሄዶ ሥራውን ጎበኘ፤ ለረዳቶቹም ጉርሻ ሰጠ። በ1434 የያን ልጅ ሲጠመቅ በወኪሉ አማካይነት የክርስትና አባት ሆኖ ስድስት የብር ዋንጫ አበረከተ። በ1435 ግን ጉዳዩ ወደ ሒሳብ ሹማምንቱ ዞረ። ፊሊፕ ዓመታዊውን ደመወዝ ወደ 360 ሊቭር የዕድሜ ልክ ጡረታ ከፍ ሲያደርግ፣ በሊል ያለው የሒሳብ ቤት ትእዛዙን ለማጽደቅ አመነታ። መስፍኑ በማርች 12 ቀን 1435 ከዲዦን በጻፈው ደብዳቤ ያለ መዘግየት እንዲከፍሉ አዘዘ፤ ያን በዚህ ምክንያት አገልግሎቱን ቢተው እጅግ እንደሚያዝን፣ ለታላላቅ ሥራዎች እንዳሰበው፣ እንደ እሱ ለፍላጎቱ የተስማማና በጥበቡ የላቀ ሰውም እንደማያገኝ ገለጸ። ሹማምንቱ የተጠራጠሩት ያለ ምክንያት አልነበረም፤ በመዝገብ ላይ የሚቆጠር ሥዕል ሳይቀርብ ይህን ያህል ገንዘብ በየዓመቱ መክፈል ለሒሳብ ሰው ይከብዳል። መስፍኑ የሚከፍለው ግን በሥዕል ቁጥር እንዳልነበረ የፖርቱጋሉ ጉዳይ ያስረዳል። በ1436ም ያን እንደገና ለምሥጢራዊ ጉዳይ ወደ ውጭ አገር ተልኮ ገንዘብ ተከፍሎታል።

ያን ቫን አይክ በ1441 በጋ በብሩዥ ሞቶ በቅዱስ ዶናስያን ቤተ ክርስቲያን ግቢ ተቀበረ፤ በማግሥቱ ዓመት በወንድሙ በላምበርት ልመና አስከሬኑ ወደ ቤተ ክርስቲያኑ ውስጥ ተዛወረ። መስፍኑ ለመበለቲቱ ለማርጋሬት የባሏን የአንድ ዓመት ጡረታ የሚያህል 360 ሊቭር ሰጣት። ከስምንት ዓመት ያህል በኋላም የሠዓሊው ልጅ ሊቪን በማሳይክ ገዳም ስትገባ፣ ለመግቢያዋ የሚሆን ገንዘብ ከመስፍኑ ግምጃ ቤት ወጪ ተደርጎ በመዝገቡ ላይ ተጽፏል።